ተረት እውነታን ይለውጣልን?

ሳይንስ የሚጀምረው ከመጠየቅ ነው ሲባል ሁላችንም እንስማማለን። ይሁን እንጂ ብዙዎቻችን ሳይንስን የምንማረው የተጻፈውን በመቀበል ነው። መጽሐፉ ይናገራል፤ እኛ እንይዛለን፤ በፈተና ዕለትም መልሰን እንጽፋለን። በዚህ ልማድ ውስጥ ያለውን አደጋ ለማሳየት ከሳይንስ መጽሐፍ ይልቅ ከአንድ ልቦለድ መነሣትን መርጠናል።

አርጀንቲናዊው ደራሲ ሆርሄ ሉዊስ ቦርሄስ እ.ኤ.አ. በ1940 «ትሎን፣ ኡቅባር፣ ኦርቢስ ቴርቲየስ» የተሰኘ አጭር ልቦለድ አሳተመ። በልቦለዱ ውስጥ አንድ ምስጢራዊ የምሁራን ማኅበር አለ። ማኅበሩ በ17ኛው ክፍለ ዘመን ሲመሠረት ዓላማው የሌለች አገርን በጽሑፍ መፍጠር ነበር። ከሁለት መቶ ዓመታት በኋላ ግን ምኞቱ ሰፍቶ አንዲት ሙሉ ፕላኔት ለመፍጠር ተነሣ። የሥነ ፈለክ፣ የሥነ ሕይወት፣ የኬሚስትሪና የሒሳብ ሊቃውንት ከባለቅኔዎችና ከሠዓሊዎች ጋር ተባብረው የዚችን ፕላኔት ታሪክ፣ ቋንቋና ፍልስፍና በ40 ቅጽ ኢንሳይክሎፒዲያ አዘጋጁ። መጽሐፉ በሰው እጅ በገባ ጊዜ ዓለም በደስታ ተቀበለው። የትሎን ዕቃዎች በምድር ላይ ይታዩ ጀመር፤ የትሎን ታሪክ በየትምህርት ቤቱ ገብቶ እውነተኛውን ታሪክ አስረሳ።

ሰዎች በትሎን የተማረኩት ለምንድን ነው? የቦርሄስ መልስ ልብ ሊባል ይገባዋል። የትሎን ዓለም ሰው የሠራው በመሆኑ ሰው ሊፈታው የሚችል ሥርዓት ነበረው። ተፈጥሮ ግን እንዲህ አትመችም። ደራሲው በዘመኑ አውሮፓን ያጥለቀለቀውን ናዚዝምን በዚሁ ልቦለድ ውስጥ መጥቀሱ ያለ ምክንያት አይደለም፤ ሥርዓት ያለው የሚመስል ነገር ሁሉ የሰውን ልብ ሊማርክ እንደሚችል ማመልከቱ ነው።

እንግዲህ ጥያቄያችን ይህ ነው፤ ትረካ በእርግጥ እውነታን ሊለውጥ ይችላልን? መልሱ «እውነታ» ስንል ምን ማለታችን እንደሆነ ለይቶ ከማወቅ ይጀምራል።

በማኅበራዊ ኑሮ ረገድ ይችላል። አሜሪካዊው የሶሲዮሎጂ ሊቅ ሮበርት ሜርተን እ.ኤ.አ. በ1948 ራሱን በራሱ የሚፈጽም ትንቢት ያለውን ጉዳይ በባንክ ምሳሌ አስረድቷል። ባንኩ ጤናማ ነው፤ ሊከስር ነው የሚል የሐሰት ወሬ ግን ይነዛል። ገንዘብ አስቀማጮች ወሬውን አምነው ሁሉም በአንድ ጊዜ ገንዘባቸውን ለማውጣት ይሰለፋሉ። ባንኩም ይከስራል። ባንክ የቆመው በሰዎች እምነት ላይ ስለሆነ እምነቱ ሲናድ እርሱም ይናዳል።

ድንጋይና አጥንት ግን በእምነታችን ላይ የቆሙ አይደሉም። ትረካ ሊለውጣቸው አይችልም፤ የእኛን ዓይን ግን ሊጋርድ ይችላል። ለዚህ የፒልትዳውን ታሪክ ምስክር ነው። እ.ኤ.አ. በ1912 በእንግሊዝ አገር ፒልትዳውን በተባለ ስፍራ የጥንታዊ ሰው ቅሪተ አካል ተገኘ ተባለ። ራስ ቅሉ እንደ ሰው ትልቅ፣ መንጋጋው እንደ ዝንጀሮ ነበር። በዚያን ጊዜ በርካታ ምሁራን የሰው ልጅ ቅድመ አያት በመጀመሪያ ትልቅ አንጎል አበጀ፣ ሌላው ሁሉ በኋላ ተከተለ ብለው ያስቡ ስለነበር ግኝቱ ለትረካቸው ልክ ሆኖ ተገኘ። እ.ኤ.አ. በ1925 ሬይመንድ ዳርት በደቡብ አፍሪካ ታውንግ የተገኘውን፣ አንጎሉ ትንሽ ሆኖ ቀጥ ብሎ ይሄድ የነበረውን ሕፃን ቅሪተ አካል ይፋ ሲያደርግ ግን በርካታ ታላላቅ ምሁራን አልተቀበሉትም። አንዱ ምክንያት ፒልትዳውን ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1953 ኬኔት ኦክሊ፣ ጆሴፍ ዋይነርና ዊልፍሪድ ለግሮ ክላርክ ምስጢሩን አወጡት። ራስ ቅሉ የሰው፣ መንጋጋው የኦራንጉታን ነበር፤ ጥርሶቹ በሞረድ ተሞርደዋል፤ አጥንቶቹም ጥንታዊ እንዲመስሉ ቀለም ተነክረዋል። በ1974 ደግሞ በእኛው አገር በሐዳር የተገኘችው ድንቅነሽ (ሉሲ) የድሮውን ትረካ ገለበጠችው። ከ3.2 ሚሊዮን ዓመታት በፊት የኖረችው ይህች ፍጡር በሁለት እግሯ ቀጥ ብላ ትሄድ ነበር፤ የዝርያዋ አንጎል ግን ከቺምፓንዚ አንጎል ብዙም አይበልጥም ነበር። መራመድ ከትልቅ አንጎል ቀደመ ማለት ነው።

«ይህ የታላላቆች ስሕተት ነው፤ እኛን ምን አገባን?» የሚል ተማሪ ቢኖር ወደ ላብራቶሪ እንጋብዘዋለን። በአንዳንድ መጻሕፍት የምድር ስበት ፍጥንጥነት 9.81 ሜትር በሰከንድ ስኩዌር ተብሎ ተጽፏል። ይህ አኃዝ እንደ ለንደን ላሉ ከምድር ወገብ ለራቁ ቦታዎች ልክ ነው። አዲስ አበባ ግን ለምድር ወገብ የቀረበች፣ ከባሕር ወለልም ወደ 2,400 ሜትር ከፍ ያለች ናት። በሁለቱም ምክንያት ስበቱ ያንሳል፤ መጠኑ 9.77 ያህል ነው። ርዝመቱ 1 ሜትር የሆነ ፔንዱለም 100 ጊዜ ሲወዛወዝ የሁለቱ አኃዞች ልዩነት 0.4 ሰከንድ ያህል ነው። ትንሽ ነው፤ ነገር ግን ታግሦ የለካ ሰው ሊደርስበት ይችላል። መልሱ ከመጽሐፉ ጋር እንዲገጥም ቁጥሩን ወደኋላ አስልቶ 9.81 ብሎ የሚጽፍ ተማሪ ግን የቆመበትን ምድር ትቶ የተጻፈውን መርጧል። እንዲህ ያለው ተማሪ የትሎን ዜጋ ነው ብንል ማጋነን አይሆንም።

መጽሐፍ አይታመን ማለታችን አይደለም። ትረካ የሌለው ሳይንስም የለም፤ መላምት ራሱ ገና ያልተፈተነ ትረካ ነውና። የሳይንስ ትረካ ከትሎን የሚለየው ተፈጥሮ «አይደለም» የምትልበትን በር ክፍት በመተዉ ነው። ስለዚህ አንድ ሐሳብ ሲቀርብልን ሐሳቡ ምንኛ የተዋበና የተስማማ መሆኑን ብቻ ሳይሆን ምን ቢገኝ እንደሚወድቅ መጠየቅን እንልመድ። መልስ ያላገኘንለትን የራሳችንን ልኬትም እንዳለ ጽፈን ምክንያቱን እንፈልግ። ዛሬ የኮምፒውተር ፕሮግራሞች በደቂቃዎች ውስጥ የተስተካከለና ያማረ ጽሑፍ በሚያቀርቡበት ዘመን ይህ ልማድ ከምንጊዜውም ይበልጥ ያስፈልገናል።

አበው «እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» ይላሉ። እውነት ነው። ነገር ግን ንጋት ያለ ማንም ድካም ይመጣል፤ የፒልትዳውን እውነት የጠራው ግን ከ41 ዓመታት በኋላ፣ አጥንቱን አንሥተው የመረመሩ ሰዎች ስለተገኙ ነው።