የሁሉም የሆነ ሜዳ ከሳሽ አይጣ

«ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ሲባል እየሰማ ያደገ ሰው፣ መሥሪያ ቤት በፍርድ ቤት ይጠየቃል ቢሉት ቢገርመው አይፈረድበትም። የደባርቅና የዳባት ሰው ከጎረቤቱ ጋር በድንበር ጉዳይ ዓመታት ሲከራከር አይደክመውም፤ የገበያው ሜዳ ጫፍ ሲታጠር ግን «የመንግሥት ነው» ብሎ አጥሩን ዞሮ ያልፋል። እንግዲህ መነጋገር ያለብን በዚህ ላይ ነው።

እንደሚታወቀው የግል ይዞታው ለልማት የሚፈለግበት ሰው ማስታወቂያ ይደርሰዋል። በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 መሠረት ካሣ ይገመትለታል፤ ቅር ቢለው አቤት የሚልበት አካል አለው፤ ከዚያም ፍርድ ቤት ይሄዳል። የኳስ ሜዳው፣ የከብት መንጃው፣ ወደ ምንጩ የሚወስደው መንገድ ግን ደብተር የላቸውም። ደብተር ስለሌላቸውም ማስታወቂያ የሚቀበል ሰው የለም። የጋራ ቦታ በቀላሉ የሚጠፋው ለዚህ ነው እንጂ ሕግ ጠፍቶ አይደለም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ መንገድንና ለሕዝብ አገልግሎት የተተወ የመንግሥት ቦታን ለይቶ ይጠብቃል፤ ከአገልግሎቱ መውጣቱ እስካልተገለጸ ድረስ ለሌላ አይተላለፍም።

ታዲያ ማን ይክሰስ? የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 የአባላቱን የጋራ ጥቅም የሚወክል ማኅበር ፍትሕ መጠየቅ እንደሚችል ደንግጓል። ማኅበራችን ለጽዳትና ለመዋጮ ብቻ የቆመ የሚመስለው ካለ ይህችን አንቀጽ ያንብብ።

ተከሳሹን መለየት ግን ጥንቃቄ ይጠይቃል። በኛ አካባቢ ጌታው ሁለት ነው። የስሜን ተራሮች ፓርክን የሚያስተዳድረው የፌዴራሉ የዱር እንስሳት ጥበቃ ባለሥልጣን ስለሆነ፣ በአዋጅ ቁጥር 1183/2012 ውሳኔው በፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት እንዲመረመር መጠየቅ ይቻላል። ማዘጋጃ ቤታችንን ግን ይህ አዋጅ አይነካም፤ ከፌዴራል መሥሪያ ቤቶች ሌላ የሚመለከተው አዲስ አበባንና ድሬዳዋን ነው። የማዘጋጃ ቤት ጉዳይ እዚሁ ክልሉ ፍርድ ቤት ነው። በ2008 ዓ.ም ከግጭ ወርደው ደባርቅ የሰፈሩ ወገኖቻችን ይህን ልዩነት ማወቅ ከማንም በላይ ይጠቅማቸዋል፤ የለቀቁት መሬት በአንዱ እጅ፣ የሰፈሩበት በሌላው እጅ ነውና።

ክስ በችኮላ አይሆንም። ስለ አቃቂና ሞጆ ወንዞች መበከል አንድ የመብት ተሟጋች ማኅበር የአካባቢ ጥበቃ ባለሥልጣንን ከሶ ነበር፤ ፍርድ ቤቱ በ1999 ዓ.ም ሳይቀበለው ቀረ። ለብክለት ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 300/1995 ደረጃውን አስቀምጧል፦ ማንም ሰው፣ የግል ጥቅሜ ተነካ ማለት ሳያስፈልገው፣ በመጀመሪያ ለሚመለከተው የአካባቢ መሥሪያ ቤት አቤት ይላል፤ በ30 ቀን መልስ ካጣ በ60 ቀን ውስጥ ይከሳል። ቀኑ ካለፈ ግን «በሕግ አምላክ» ቢሉ የሚሰማ የለም።

በቃል የተነገረ አቤቱታ ፍርድ ቤት አይቆምም። ስለዚህ ማመልከቻ ሁሉ በሁለት ቅጂ ይጻፍ፤ መዝገብ ቤት ገቢ ሆኖ ቁጥርና ቀን የተመታበት ቅጂ ከማኅበሩ ጸሐፊ ዘንድ ይቀመጥ። የሰፈራችንን ሜዳና መንገድ ድንበር የሚያውቁ አባቶችና እናቶችም፣ እግራቸው ሳይደክም፣ ከወጣቶች ጋር ዞረው ያሳዩን፤ እኛም በወረቀት እናስፍረው።