«ገና ነው፣ ክንፉን አልዘረጋም!»

ባለፈው እሑድ ዓሣ ልበላ አሞራ ገደል ወርጄ ነበር። አንዱ ጎረምሳ የዓሣ ጭንቅላት ይዞ አባ ኮዳውን ያስጎመጀዋል። አሞራው ጠጋ ሲል እጁን ይሰበስባል። ጓደኛው ስልኩን ደግኖ «ገና ነው፣ ክንፉን አልዘረጋም!» ይላል። አራቴ ደገሙት። ቪዲዮው ሲሳካላቸው ጭንቅላቱን ሐይቁ ውስጥ ወረወሩት። አሞራው ቆሞ ቀረ።

ልጆቹን ብቻ ልወቅስ አልችልም። እስቲ ንገሩኝ፣ ሐዋሳ በቴሌቪዥን ስትመጣ ምን ታያላችሁ? በበዓል ፕሮግራሙም፣ በክሊፑም፣ አሁን ደግሞ በቲክቶኩ ያው ናት፤ ሐይቁ፣ ጥብስ ዓሣው፣ ከሰው እጅ የሚበላ ጦጣ፣ የተወረወረለትን የሚቀልብ አባ ኮዳ። ልጆቹም ያደጉበትን ምስል ነው የደገሙት። ጋዜጠኝነት ስማር ካሜራ ያለውን ያሳያል ሲባል አምኜ ነበር። ለካ ያዝዛልም!

የሐረር ጅቦችስ ትሉኝ ይሆናል። እነሱንም ቱሪስት ሥጋ ሲያጎርሳቸው ነው የለመድናቸው። ቢቢሲ ግን በ2016 እ.ኤ.አ. በ«ፕላኔት ኧርዝ 2» በሌሊት በጁገል ጠባብ መንገዶች አጥንት ፍለጋ ሲያልፉ አሳየን። የራሳቸው ጉዳይ ያላቸው እንስሳት መሰሉኝ።

አባ ኮዳም ጉዳይ አለው። ዓሣ የሚበልቱት ልጆች የሚጥሉትን አንጀትና ትራፊ ማን የሚያነሳው ይመስላችኋል? ይህን የሚያሳይ ክሊፕ እስካሁን አልገጠመኝም። ካሜራ የያዛችሁ ጓደኞቼ፣ ለመጪው በዓል ስትመጡ ማለዳ፣ ጀልባዎቹ ሲጠጉ ድረሱ። ምንም አትወርውሩለት፤ ዝም ብላችሁ ቅረጹት።