«ፎርማት ይደረግ» ከማለት በፊት

እንዲህ ዓይነቱን ወጣት የማያውቅ ሰፈር የለም። ማታ ቤተሰቡ ሲተኛ ላፕቶፑን ከፍቶ ሁለት ሰዓት ሙሉ የኳስ ጌም ይጫወታል። እየተጫወተ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ እንደ ስፖርት ጋዜጠኛ ያስተላልፋል። ሁሉንም ይቀርጻል። ጠዋት ቆራርጦ ዩቲዩብ ላይ ሊጭነው ሲከፍተው ድምፁ አለ፤ ምስሉ ግን ድፍን ጥቁር ነው።

ከዚህ በኋላ የሚሆነው ይታወቃል። አንዱ ጓደኛው «ራሙ አንሶ ነው» ይለዋል። ሌላው «ቫይረስ ገብቶበታል» ይላል። ላፕቶፑ ታቅፎ ጥገና ቤት ይኬዳል፤ እዚያ ያለው ልጅ ደግሞ ገና ሳይከፍተው «ፎርማት ይደረግ» ይላል። ፎርማት ይደረጋል፤ ይከፈላል። ጌሙ በስንት ዳታ እንደገና ይወርዳል። ማታ ይቀረጻል፤ ጠዋት ይከፈታል። አሁንም ጥቁር ነው።

ላፕቶፑ ግን ከመጀመሪያውም አልታመመም ነበር። መድኃኒቱ አንድ ብር የማያስወጣ፣ ሁለት ደቂቃ የማይፈጅ የሴቲንግ ለውጥ ነበር። ልጁ ያጣው ገንዘብ ብቻም አይደለም። አብዛኛው ወጣት ቻናሉን የሚተወው እዚህ ላይ ነው፤ «የእኔ ኮምፒውተር ለዚህ ሥራ አይሆንም» ብሎ ይደመድምና ማይኩን አጣጥፎ ያስቀምጣል።

ጌም ቀረጻ ላይ የሚያጋጥም ብልሽት ከየት እንደመጣ በራሱ ምልክት ይናገራል። ጥቁር ስክሪን አንድ ነገር ይላል፤ የሚቆራረጥ ቪዲዮ ሌላ ነገር ይላል፤ የማይከፈት ፋይል ደግሞ ሌላ። እኛ አገር የለመደው ግን ሁሉንም በአንድ መድኃኒት ማከም ነው። ራስ ምታትም ሆነ የእግር ወለምታ፣ ፎርማት።

ነገሩን ለመረዳት አንድ ስሌት ይበቃል። በተለመደው ሙሉ ጥራት፣ ማለትም 1920 በ1080፣ በሰከንድ 60 ምስል የሚያሳይ ጌም ሳይጨመቅ ቢቀመጥ በሰከንድ ከ370 ሜጋ ባይት በላይ ይወስዳል። አንድ ደቂቃው ብቻ 22 ጊጋ ገደማ ነው። ይህን የሚችል ዲስክ በየቤቱ ስለሌለ ምስሉ እየተጨመቀ መቀመጥ አለበት። ስለዚህ እያንዳንዱ ምስል አራት ጣቢያ ያልፋል፦ ጌሙ ይሥለዋል፣ መቅረጫው ይይዘዋል፣ ኢንኮደር የሚባለው ይጨምቀዋል፣ ዲስኩ ያስቀምጠዋል። ችግር ሲፈጠር መጀመሪያ መጠየቅ ያለበት «ምስሉ የቱ ጣቢያ ላይ ቀረ?» የሚለው ነው።

ጥቁሩ ስክሪን ሁለተኛው ጣቢያ ላይ የቀረ ምስል ነው። ለጌም የሚሆኑ ብዙ ላፕቶፖች ሁለት ግራፊክስ አላቸው። አንዱ ፕሮሰሰሩ ውስጥ ያለው ኃይል ቆጣቢ ነው፤ ሌላው ለብቻው የተተከለው ጉልበተኛ ካርድ ነው። በብዙዎቹ ላይ ስክሪኑ የተያያዘው ከቆጣቢው ጋር ሲሆን ጌሙ የሚሠራው ግን በጉልበተኛው ላይ ነው። መቅረጫው ከሚቀርጸው ነገር ጋር በአንድ ካርድ ላይ ካልተገናኘ የሚያየው የለም፤ ያላየውን ደግሞ ጥቁር አድርጎ ይቀርጻል።

ኦቢኤስን የሚጠቀም ሰው «ጌም ካፕቸር»ን ከመረጠ፣ ኦቢኤስ መነሳት ያለበት ጌሙ ባለበት ካርድ ላይ ነው። «ዲስፕሌይ ካፕቸር»ን ከመረጠ ደግሞ ስክሪኑ በተያያዘበት ካርድ ላይ። ማስተካከያው ያለው ዊንዶውስ ውስጥ ነው፦ ሴቲንግ፣ ሲስተም፣ ዲስፕሌይ፣ ግራፊክስ። እዚያ ኦቢኤስ ዝርዝሩ ውስጥ ይጨመራል፤ ለጉልበተኛው «ሃይ ፐርፎርማንስ»፣ ለቆጣቢው «ፓወር ሴቪንግ» ይመረጥለታል፤ ከዚያ ኦቢኤስ ተዘግቶ ይከፈታል። ጥገና ቤቱ ፎርማት አድርጎ ሲመልሰው ይህ ሴቲንግ እንደነበረ ነው የተመለሰው። ጥቁሩም አብሮ ተመለሰ።

የሚቆራረጥ ቪዲዮ ደግሞ ሌላ ታሪክ አለው። እዚህ ላይ ከሁሉ የሚያሳዝነው ቪዲዮው ተቆራረጠ ብሎ ትልቅ የኢንተርኔት ፓኬጅ የሚገዛው ነው። በቀጥታ እስካልተላለፈ ድረስ ዲስክ ላይ ለመቅረጽ ኢንተርኔት ምንም ሥራ የለውም። ኦቢኤስ «ስታትስ» የምትባል ትንሽ መስኮት አለችው፤ ሦስት ቁጥሮቿ ሦስት የተለያዩ በሽተኞች ናቸው። በ«ሬንደሪንግ ላግ» ምክንያት ያመለጡ ፍሬሞች እየጨመሩ ከሆነ ግራፊክስ ካርዱ በጌሙ ተይዞ ለመቅረጫው ጊዜ አጥቷል ማለት ነው። ጌሙ በሰከንድ ከ60 ፍሬም እንዳያልፍ ማሰር ወይም የጌሙን ጥራት አንድ ደረጃ ዝቅ ማድረግ ያስተነፍሰዋል። በ«ኢንኮዲንግ ላግ» የተዘለሉ ፍሬሞች ከበዙ ደግሞ ጨማቂው አልቻለም ማለት ነው። ሦስተኛው፣ ኔትወርክን የሚመለከተው ቁጥር፣ ለቀጥታ ስርጭት ብቻ ነው።

ጨማቂው ያልቻለው ብዙ ጊዜ ሥራው ለተሳሳተ ሠራተኛ ስለተሰጠ ነው። «ኤክስ 264» የሚባለው ምርጫ መጭመቁን ለፕሮሰሰሩ ይጭንበታል፤ ያው ፕሮሰሰር በዚያው ሰዓት ጌሙንም እያንቀሳቀሰ ነው። የኢንቴል ፕሮሰሰሮች ከ2011 ጀምሮ «ኩዊክ ሲንክ» የሚባል፣ ብዙዎቹ የኤንቪዲያ ካርዶችም ከ2012 ወዲህ «ኤንቪኢንክ» የሚባል ለመጭመቅ ብቻ የተሠራ ክፍል ይዘው ይመጣሉ። ከውጭ መጥቶ በሁለተኛ እጅ የተሸጠ አሮጌ ላፕቶፕ ውስጥ እንኳ ይህ ክፍል ሳይነካ የሚቀመጥበት ጊዜ ብዙ ነው። ባለቤቱ ራም ለመጨመር ገንዘብ ያጠራቅማል፤ የተከፈለበት ሠራተኛ ግን ቤት ውስጥ ሥራ ፈትቶ ተቀምጧል።

ሦስተኛው ለቅሶ የማይከፈተው ፋይል ነው። ይህኛው መብራት በሚጠፋበት አገር የተለየ ክብደት አለው። በተለመደው ኤምፒ ፎር የሚቀረጽ ቪዲዮ ማውጫው የሚጻፈው ቀረጻው ሲያበቃ ነው። ሁለት ሰዓት ተቀርጾ በመጨረሻው ደቂቃ መብራት ቢጠፋ፣ ባትሪው የሞተው ላፕቶፕም አብሮ ቢጠፋ፣ ምስሉ ዲስኩ ላይ አለ፤ ማውጫ ስለሌለው ግን ማጫወቻው አያገኘውም። ገጹ ሁሉ ያለ፣ ግን ጥራዙ የተበተነ መጽሐፍ ማለት ነው። በኤምኬቪ የተቀረጸ ግን መብራቱ እስከጠፋበት ቅጽበት ድረስ ይተርፋል። በኋላ ለኤዲቲንግ ኤምፒ ፎር ካስፈለገ ኦቢኤስ ራሱ «ሪማክስ» በሚለው ምርጫ ጥራቱ ሳይቀነስ ይቀይረዋል። ከ2024 ወዲህ በወጡት የኦቢኤስ ስሪቶች ላይ «ሃይብሪድ ኤምፒ ፎር» የሚባልም አለ፤ እሱም የተሠራው ለዚሁ አደጋ ነው። ይህን አንድ ምርጫ የሚያውቅ ሰው መብራት ኃይልን ቢያማርርም ሥራውን አያጣም።

አንዳንዱ ብልሽት ደግሞ ሰዓት አክባሪ ነው። በየጊዜው አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ላይ የሚቆም ቀረጻ ካለ፣ ይህ ዕድል አይደለም። ፋት 32 በሚባለው አሠራር የተዘጋጀ ፍላሽ ከ4 ጊጋ የሚበልጥ አንድ ፋይል አይቀበልም። በ6000 ኪሎ ቢት የሚቀረጽ ቪዲዮ በሰዓት 2.7 ጊጋ ስለሚሆን ጣሪያውን የሚነካው እዚያው ላይ ነው። ፍላሹ ላይ 20 ጊጋ ባዶ ቦታ ቢኖርም ለውጥ የለውም። የቆመበትን ሰዓት የመዘገበ ሰው መልሱን በስሌት ያገኛል። ያልመዘገበው ሌላ ፍላሽ ይገዛል፤ አዲሱም በፋት 32 የተዘጋጀ ከሆነ እዚያው ቦታ ላይ ይቆማል።

ድምፅም እንደዚሁ ነው። ከኦቢኤስ ግርጌ ያለው የድምፅ መስመር ካልተንቀሳቀሰ ምንም እየተቀረጸ አይደለም፤ ይህን ለማወቅ ሁለት ሰዓት መጫወት አያስፈልግም። የብሉቱዝ ማዳመጫ ማይኩ ሲከፈት የጌሙ ድምፅ ድንገት እንደ ስልክ ጥሪ የሚሆነውም ማዳመጫው ተበላሽቶ አይደለም። ብዙዎቹ ማዳመጫዎች ማይክና ጥራት ያለው ድምፅ አንድ ላይ ማስኬድ ስለማይችሉ ወደ ጥሪ አሠራር ይቀየራሉ። ርካሽ ባለገመድ ማይክ ይህን ይፈታዋል።

ታዲያ ይህ ሁሉ በነፃ እያለ ለምን ፎርማት ይቀድማል? አንዱ ምክንያት የኮፒ ልማድ ነው። ትልልቅ የውጭ ዩቲዩበሮች «ምርጥ የኦቢኤስ ሴቲንግ» ብለው የሚያሳዩት የራሳቸውን ኮምፒውተር ሴቲንግ ነው። እሱን ቁጥር በቁጥር አሮጌ ላፕቶፕ ላይ መገልበጥ የሌላ ሰው መነጽር አድርጎ «ዓይኔ ደከመ» እንደ ማለት ነው። ሌላው ምክንያት ክራክ ነው። ኦቢኤስ ከ2012 ጀምሮ በነፃ የሚሰጥ፣ ኮዱ ለሁሉም ክፍት የሆነ ፕሮግራም ሆኖ ሳለ፣ የሚከፈልበት መቅረጫ ክራኩ ከማይታወቅ ቦታ ይወርዳል። ክራክ ይዞት የሚመጣው ቫይረስ ደግሞ ያንኑ የደከመ ግራፊክስ ካርድ ለሌላ ሰው ሥራ ሊያሠራው ይችላል። በቫይረስ ያልጀመረ ችግር በቫይረስ ያልቃል።

ለጥገና ቤቱም ፍትሐዊ መሆን ያስፈልጋል። በቀን ብዙ ኮምፒውተር የሚያይ ልጅ እያንዳንዱን ምልክት ለመመርመር ጊዜ የለውም፤ ደንበኛውም «ተበላሸብኝ» ከማለት ያለፈ አይነግረውም። ፎርማት አንዳንዴ እውነትም ይሠራል፤ በተለይ የተበላሸ ድራይቨር ወይም ቫይረስ ሲኖር። ግን ሲሠራም ምን እንደሠራ ስለማይታወቅ ችግሩ ሲመለስ እንደገና ከዜሮ ይጀመራል። ኦቢኤስ ቀረጻ ላይ የሆነውን «ሎግ» በሚባል ፋይል ይመዘግባል፤ የትኛውን ግራፊክስ እንደተጠቀመና ስንት ፍሬም እንዳመለጠው ጭምር። ፎርማት ይህንን ምስክር ያጠፋዋል። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይባላል፤ እዚህ ግን በሽተኛው አልደበቀም። ምስክርነቱን የደመሰሰው ሐኪሙ ነው።

አንዳንድ ኮምፒውተር የእውነት አቅም የለውም፤ ይህም መካድ የለበትም። ጌሙን ብቻውን እያንቀጠቀጠ የሚያስኬድ ማሽን ቀረጻ ሲጨመርበት አይድንም። ቢሆንም በ720 ጥራት፣ በሰከንድ 30 ፍሬም፣ ጥርት ባለ ድምፅ የተቀረጸ ጨዋታ ተመልካች አያጣም። ሰው የሚከታተለው የሚያወራውን ልጅ ነው። ዋናው ነገር «አይችልም» የሚለው ፍርድ ከምርመራ በኋላ መምጣቱ ነው።

ምርመራውም ከባድ አይደለም። ከሁለት ሰዓት ጨዋታ በፊት አንድ ደቂቃ ተቀርጾ ይታያል። ችግር ካለ አንድ ነገር ብቻ ተቀይሮ እንደገና አንድ ደቂቃ ይቀረጻል፤ አምስት ነገር በአንድ ጊዜ የቀየረ ሰው ቢድንም የትኛው እንዳዳነው አያውቅም። የተቀየረው ደብተር ላይ ይጻፋል። የቸኮለ አፍሶ ይለቅማል እንደሚባለው፣ ይህችን አንድ ደቂቃ የቆጠበ ሁለት ሰዓቱን ይለቅማል።

እነዚህ ወጣቶች ዛሬ የሚቀርጹት ጌም ነው። ነገ የሚቀርጹት የትምህርት ቪዲዮ፣ የድርጅት ሥልጠና ወይም የርቀት ሥራ ማሳያ ሊሆን ይችላል፤ መንገዱ ያው አራት ጣቢያ ነው። ብልሽትን ከምልክቱ ተነስቶ ምንጩ ድረስ መከተል የለመደ ልጅ በእጁ ሙያ ይዟል። በአንጻሩ እያንዳንዱን ችግር በፎርማት የፈታ ልጅ የሚማረው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ሲቸግር ሁሉን ማጥፋት። ላፕቶፑን አቅፎ ወደ ጥገና ቤት ከመሮጡ በፊት፣ ያ ጥቁር ስክሪን ምን እያለ እንደሆነ አንድ ደቂቃ ቢያዳምጠው ይሻላል።