ባስልኤል ከመጋረጃው በስተጀርባ

በቤተ ክርስቲያን አንድ ወጣት ለዝማሬ ሲነሣ እጃችንን ጭነን እንጸልይለታለን። ሌላው ተነሥቶ «የፊልም ፕሮዳክሽን ዲዛይነር መሆን እፈልጋለሁ» ቢለንስ? እዚህ ዲክሲስ፣ ስንዴና ገብስ አምርቶ ልጅ በሚያስተምር ቤተሰብ ውስጥ፣ መጀመሪያ የሚመጣው ጥያቄ «እሱ ደግሞ ምንድን ነው?» የሚል ነው። ቀጥሎም «ፊልም የዓለም አይደለም ወይ?» ይባላል። ለሁለቱም መልስ ልንሰጥ ይገባናል።

ይህ ባለሙያ ካሜራው ከመምጣቱ በፊት ድርሰቱን ያነባል። ታሪኩ የተፈጸመው በየትኛው ዘመን ነው? በማን ቤት? ግድግዳው ጭቃ ነው ወይስ ብሎኬት? ብሎ ይጠይቃል። ስለ ቀለሙና ስለ ብርሃኑ ከዳይሬክተሩና ከካሜራ ባለሙያው ጋር ይመክራል፣ አናጢና ቀለም ቀቢ ያሠማራል፣ አዲሱን ዕቃ ያረጀ ያስመስለዋል። ቀረጻው ሲያልቅ አብዛኛው ይፈርሳል። የሙያው መጠሪያ እንኳ ዘግይቶ የመጣ ነው፤ መጀመሪያ የተሰጠው እ.ኤ.አ. በ1939 ለወጣው ፊልም ንድፍ ላወጣው ለዊሊያም ካሜሮን ሜንዚስ ነው። የዚያን ፊልም መጽሐፍ ነቢይ መኮንን «ነገም ሌላ ቀን ነው» ብሎ ተርጉሞልናል።

ነገሩ ለእኛ ለአርሲዎች ሩቅ አይደለም። ዘረሰናይ ብርሃኔ መሐሪ የሠራውና እ.ኤ.አ. በ2014 በሰንዳንስ የተመልካቾችን ሽልማት ያገኘው «ድፍረት» መነሻው እ.ኤ.አ. በ1996 በአሰላ አካባቢ የተጠለፈች የ14 ዓመት ልጅ ታሪክ ነው። በእንዲህ ያለ ፊልም የገበሬው ጎጆና የፖሊስ ጣቢያው ሐሰት ከመሰሉ ተመልካቹ የልጅቱንም እንባ ይጠራጠራል። ሲንቄን እንውሰድ። በአርሲ እናት ለምታገባ ልጇ የምትሰጣት፣ የሴቲቱ መብትና ክብር ምልክት የሆነች በትር ናት። ያላገባች ልጃገረድ ሲንቄ ይዛ እንድትታይ ያደረገ ባለሙያ አንድ ቃል ሳይናገር ስለ ሕዝባችን ዋሽቷል። በሐሰት አትመስክር የሚለው ትእዛዝ እርሱንም ይመለከታል።

«ፊልም የዓለም ነው» ለሚሉ ወገኖች ዘጸአት 31ን እና 32ን አብረን እንድናነብ እንጋብዛለን። በምዕራፍ 31 ጌታ የኡሪን ልጅ ባስልኤልን በስሙ ጠርቶ ወርቅ፣ ብርና እንጨት እንዲሠራ በመንፈሱ ሞላው። በመንፈስ ስለ መሞላቱ የተጻፈለት ይህ ሰው ነቢይ ወይም ካህን አልነበረም፤ የእጅ ባለሙያ ነበር። በምዕራፍ 32 ደግሞ ያው ወርቅ ቀልጦ ጥጃ ሆነ። እንግዲህ ጥያቄው ወርቁ ወይም ሙያው ሳይሆን ለማን ይሠራበታል የሚለው ነው። አማኝ የሆነ ባለሙያ እምቢ የሚለው ሥራ ይኖራል፤ እምቢ ማለት እንዲችልም ከጎኑ የሚጸልይለት ጉባኤ ያስፈልገዋል።

አንድ ነገር ደግሞ እናስተውል። ባስልኤል ታቦቱን በገዛ እጁ ሠራ። ታቦቱ ግን ከመጋረጃው በስተጀርባ ገባ፤ ወደዚያ የሚገባው ሊቀ ካህናቱ ብቻ ነው፣ እርሱም በዓመት አንድ ቀን። ባስልኤል ከይሁዳ ነገድ ነበርና መግባት አይፈቀድለትም። ከሥራዎቹ ሁሉ የከበረው ከእርሱም ከሕዝቡም ዓይን ተሰወረ፤ እግዚአብሔር ግን በዚያ ተገለጠ። በስውር የሚያይ አባት ያለን ሰዎች ከዚህ የበለጠ ምን ማስረጃ እንፈልጋለን?

ስለዚህ እንዲህ እንላለን። ለገና ድራማ ግርግሙን የሚሠራው ልጅ ከዘማሪዎቹ ጋር ስሙ ይጠራ። እርሻውን ትቶ ሳይሆን በትርፍ ሰዓቱ ከአናጢ ዘንድ ሙያ እንዲቀስም እንርዳው። ከአረጋውያን እናቶችም ዘንድ ተቀምጦ የእያንዳንዱን የቤት ዕቃ ስምና ትርጉም ይጠይቅ። ነገ የዚህን አገር ታሪክ በፊልም የሚያሳይ ሰው ሲመጣ፣ ቤታችንን በእውነት የሚሠራለት ሰው ከመካከላችን ያገኛል።

እናንተም በስውር የምታገለግሉ ወገኖች፣ ጌታ እጆቻችሁን ይባርክ። አሜን።