ሳንመረምር የምንሟገትለት መርማሪ

ረዘም ይላል። ጊዜ ያላችሁ አንብቡት፤ ጊዜ የሌላችሁ ደግሞ ሳታነቡ ላይክ አታድርጉልኝ፣ የዛሬው ጉዳይም እሱው ነውና።

ባለፈው ሳምንት አንድ ወዳጄ "ከዴካርት በፊት ዘመናዊ ፍልስፍናን የጀመረው ኢትዮጵያዊ" የሚል ጽሑፍ ስለ ዘርዓ ያዕቆብ ለጠፈ። ሰዉ ተቀባበለው። እኔም ከሥሩ ሁለት መስመር ጻፍኩ፦ "መጽሐፉን እወደዋለሁ፣ ለዓመታት አስተምሬዋለሁም። ግን የደራሲነቱ ክርክር ገና አላለቀም፤ እንዳለቀ አድርገን ባናወራው ጥሩ ነው።" በቃ፣ ይኸው ነው ያልኩት። ማታ ስልኬን ስከፍት ባንዳ ሆኛለሁ፣ የፈረንጅ ተላላኪ ሆኛለሁ፣ አንዱማ ደመወዜን ከየት እንደማገኝ ሳይቀር ያውቃል። ቀጥሎ ከወዲያኛው ጎራ አንድ የተማረ ሰው ብቅ አለና "ያ እኮ የጣሊያን ሚሲዮናዊ ፎርጅድ ነው፤ ድሮ የተረጋገጠ፣ ያለቀ የደቀቀ ጉዳይ ነው" ብሎ ዘጋው። ሁለቱ ጎራዎች እስከ ንጋት ተሰዳደቡ። የሚጋሩት አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ሁለቱም እርግጠኞች ነበሩ።

ዛሬ የምጣላው ከሁለቱም ጋር ነው።

እስቲ መጀመሪያ በእጃችን ያለውን እንቁጠር። (ዓመታቱ በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) ሐተታውን ለውጭው ዓለም ያወጣው ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ የሚባል ጣሊያናዊ የካፑቺን ሚሲዮናዊ ነው። በ1850ዎቹ ኢትዮጵያ ተቀምጦ፣ አንትዋን ዳባዲ ለተባለው ፈረንሳያዊ መጻሕፍት ያፈላልግለት ነበር። ሐተታውንም "አገኘሁ" ብሎ የላከለት እሱ ነው። የታወቁት ሁለት ቅጂዎች ዛሬም ፓሪስ፣ በፈረንሳይ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት፣ በዳባዲ ስብስብ ቁጥር 215 እና 234 ሆነው ተቀምጠዋል። በ1904 ኤኖ ሊትማን ግዕዙን ከላቲን ትርጉም ጋር አሳተመ። እስከዚያ ድረስ ደራሲውን የጠረጠረ አልነበረም ማለት ይቻላል።

በ1920 ካርሎ ኮንቲ ሮሲኒ "ደራሲው ጁስቶ ራሱ ነው" አለ። የያዘውም አባ ተክለ ሃይማኖት የተባሉ ኢትዮጵያዊ ካቶሊክ ካህን የተዉትን ምስክርነት ነው። በ1934 ኦይገን ሚትቮኽ ሐሳቡን ደገፈ። በ1976 ደግሞ እዚሁ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ያስተምር የነበረው ካናዳዊው ኢየሱሳዊ ክሎድ ሰምነር ተነሣ። የሐተታውን ቋንቋ፣ የመዝሙረ ዳዊት አጠቃቀሙንና አስተሳሰቡን ከጁስቶ ጽሑፎች ጋር አነጻጽሮ "ጁስቶ ሊሆን አይችልም" ብሎ ተሟገተ። በ2013 አናይስ ቪዮን የፎርጅዱን ክስ እንደገና አነሣችው። በ2023 አዲስ የእንግሊዝኛ ትርጉም ታተመ፤ ክርክሩም ከነነፍሱ ቀጥሏል።

እንግዲህ "ያለቀ የደቀቀ" የተባለው ይኼ ነው!

አሁን ማስረጃዎቹን እንመዝን። "ሁለቱም ቅጂዎች በአንድ ሰው እጅ መጥተዋል፤ ከዚያ የሚቀድም ሌላ ቅጂ የለም" ይላል ከሳሹ። እውነት ነው፣ ከባድ ነጥብም ነው። ተከላካዩ ይመልሳል፦ "ቤተ ክርስቲያኑንም መስጊዱንም ገዳሙንም የሚተች መጽሐፍ ማን ይገለብጠዋል? መጥፋቱ አይገርምም።" ይኼም ያስኬዳል። ግን ልብ በሉ፦ ይህ መልስ ቅጂ ለምን እንዳልተገኘ ያስረዳል እንጂ ቅጂ እንደነበረ አያስረዳም። ፎርጅድ ሠሪም ቢጠየቅ ያንኑ መልስ ይሰጥ ነበር። ለሁለቱም ወገን እኩል የሚመሰክር ምስክር ለማንም አልመሰከረም።

ከሳሹ ይቀጥላል፦ "የጁስቶ የልደት ስም ያኮፖ ነው፤ ያኮፖ ማለት ደግሞ ያዕቆብ!" ይቺን ስሰማ ሁልጊዜ ፈገግ እላለሁ። ያዕቆብ የሚባል ሰው በዚህ አገር ተፈልጎ የማይገኝ ስም ነው እንዴ? ለብቻዋ ከቆመች ይቺ ማስረጃ ጨዋታ ናት። "ጁስቶ ግዕዝ ያውቅ ነበር፤ ከፈረንሳይኛ ወደ ግዕዝ መጽሐፍ ተርጉሟል" የሚለው ግን ጨዋታ አይደለም። ችሎታው እንደነበረው ያሳያል። ችሎታ ማድረግን አያረጋግጥም፤ ቁም ነገር መሆኑ ግን አይካድም።

የሰምነር ሙግት ደግሞ ጠንካራ ነው፤ ዘርዝሮ የሠራ ሰው ነው። ሆኖም "ይህ አስተሳሰብ የጁስቶን አይመስልም" ከሚለው ተነሥቶ "ስለዚህ በ17ኛው ክፍለ ዘመን አክሱም አጠገብ የተወለደ ሰው ጻፈው" ለመድረስ ገና ወንዝ መሻገር ይቀራል። ለምሳሌ በ19ኛው ክፍለ ዘመን የነበረ ስሙን ያልነገረን ደብተራ ቢሆንስ?

የኔ ሚዛን ወዴት ያዘነብላል ካላችሁ፣ ወደ ኢትዮጵያዊ ደራሲ ያዘነብላል። በትንሹ። "ያዘነብላል" ነው ያልኩት፤ "ወደቀ" አላልኩም።

አሁን ወደ ሠፈራችን ተወዳጅ ሙግት እንምጣ፦ "ኮንቲ ሮሲኒ ዘረኛ ነበር፤ ስለዚህ ዋሽቷል።" አዎ፣ ሰውየው በ1935፣ ሙሶሊኒ ሊወረን ሲዘጋጅ፣ ኢትዮጵያ በሥልጣኔ መራመድ አትችልም ብሎ ጽፏል። አሳፋሪ ጽሑፍ ነው። ይህን ማወቃችን ይጠቅማል፤ "ሐበሻ ይህን ሊያስብ አይችልም" የሚል ግምት በሚዛኑ ላይ ጣቱን አሳርፎ እንደሆነ እንድንፈትሽ ያደርገናል። ግን ጣቱን ካነሣን በኋላ ዕቃው ራሱ መመዘን አለበት አይደል? የተናጋሪው ክፋት ንግግሩን ሐሰት አያደርገውም። ክፉ ጎረቤትህ "ቤትህ ተቃጠለ" ቢልህ፣ ሰውየው ክፉ ነው ብለህ ትቀመጣለህ?

"ከዴካርት በፊት" የሚለውስ? ይቺን የሚጽፉ ሰዎች መጽሐፉን ከፍተው አያውቁም ብዬ ብከራከር የምረታ ይመስለኛል። ዴካርት ስለ ዘዴ የጻፈውን በ1637፣ ሜዲቴሽንስን በ1641 አሳተመ። ሐተታው ራሱ የተጻፈው፣ ትክክለኛ ነው ብለን ብንቀበል እንኳ፣ በ1667 ነው። "የዋሻው ሐሳብ እኮ ቀደም ያለ ነው" ትሉኝ ይሆናል። ልክ ናችሁ፤ በሐተታው ትረካ ከሱስንዮስ ሸሽቶ ዳዊቱን ይዞ ሁለት ዓመት ዋሻ የኖረው፣ ንጉሡ በ1632 ከመሞታቸው በፊት ነው። እሺ፣ ቀደመ እንበል። እና ምን ይጠበስ? ፍልስፍና የአምስት ሺህ ሜትር ሩጫ ነው እንዴ ማን ቀድሞ ገባ የምንባባለው?

ይህ የ"ማን ቀደመ" ወሬ የሚጎዳው ከሁሉ በላይ ራሱን ዘርዓ ያዕቆብን ነው። የሰውየውን የራሱን ጥያቄ ነጥቆ የሌላ ሰው ጥያቄ ያሸክመዋል። ዴካርት ዓይኑንም ጆሮውንም፣ ሕልም ይሁን እውን፣ ሁሉን ተጠራጥሮ የማይነቃነቅ አንድ መሬት ይፈልጋል። ዘርዓ ያዕቆብን ግን ዓይኑ አላስቸገረውም፤ ያስቸገሩት ሰዎች ናቸው። ፈረንጁ "ሃይማኖቴ ትክክል ነው" ይላል፤ ግብጻዊው "የኔ" ይላል፤ እስላሙም አይሁዱም እንዲሁ። ሁሉም እርግጠኛ ነው። ታዲያ ዳኛው ማነው? የእሱ መልስ፣ ፈጣሪ ለሰው ሁሉ እኩል የሰጠው የልቡና ብርሃን ነው የሚል ነው። ሰዎች ለምን ይሳሳታሉ ሲባልም፣ መመርመር ስለሚከብዳቸው ከአባቶቻቸው የሰሙትን ሳይፈትሹ ያምናሉ ይላል።

እዚህ ላይ ቆም በሉ። ለዚህ መጽሐፍ ጥብቅና ቆመን፣ ከጓደኛ ገጽ ያገኘነውን ሳንፈትሽ ተቀብለን፣ የጠየቀውን "ባንዳ" ስንል መጽሐፉ እየወቀሰ ያለው ማንን ነው? ሲሉ ሰምታ ዶሮ ታንቃ ሞተች አይደል የሚባለው?

ሐተታው ራሱም ከጥያቄ ነፃ አይደለም። ልቡናዬ ትክክል መሆኑን በምን አውቃለሁ? ፈጣሪ ስለሰጠኝ። ፈጣሪ መኖሩንስ በምን አውቃለሁ? በልቡናዬ። አያችሁት ዙሩን? አንትዋን አርኖ በ1641 ዴካርትን የያዘው በዚሁ ዓይነት ዙር ነው። ሁለቱ ሰዎች የሚገናኙት እንግዲህ እዚህ ጋ ነው፤ በማሸነፋቸው ሳይሆን በችግራቸው። እንዲህ አድርጎ መሟገት ደራሲውን ማክበር ነው። ሐውልት አቁሞ ዙሪያውን መሰዳደብ ግን ማክበር አይደለም።

አሁን ወደ ዋናው። "ታዲያ መጨረሻ ላይ እውነተኛ ሆኖ ቢገኝስ? እኛ ልክ ነበርና!" የሚል አይጠፋም። ዊልያም ክሊፎርድ በ1877 ያመጣው አንድ ምሳሌ አለ። አንድ የመርከብ ባለቤት መርከቡ ማርጀቷን ያውቃል፤ ጥርጣሬ ይገባዋል። ግን ማሳደስ ወጪ ነው። ስለዚህ "ስንት ጊዜ በሰላም ሄዳ ተመልሳለች፣ አምላክም አለ" እያለ ራሱን አሳምኖ፣ ከልቡ እርግጠኛ ሆኖ፣ መንገደኞቹን ይሰዳል። መርከቧ ትሰጥማለች። ክሊፎርድ ታዲያ ይጠይቃል፦ በሰላም ደርሳ ቢሆንስ ኖሮ? ጥፋቱ ይቀልለት ነበር? በጭራሽ፤ አልተያዘም እንጂ አጥፍቷል። ጥፋቱ ያለው እምነቱ እውነት ሆነ ሐሰት በመሆኑ ላይ አይደለም፤ እንዲያምን መብት የሚሰጥ ማስረጃ ሳይኖረው ማመኑ ላይ ነው። ክሊፎርድ ነገሩን ከመጠን በላይ አክርሮታል የሚሉ አሉ፤ እኔም በከፊል እስማማለሁ። በዚህ ነጥብ ግን ልክ ነው። ነገ አንድ ገዳም ውስጥ የ1700 ዓ.ም. የሐተታ ቅጂ ቢገኝ እልል እላለሁ። ዛሬ እርግጠኛ ሆኖ የተሳደበው ሰው ግን ያኔም "አውቅ ነበር" ማለት አይችልም። ገምቶ ደረሰለት እንጂ አላወቀም።

"እና ምንም አናውቅም ልትለን ነው?" አላልኩም። ይህ የሰነፍ ማምለጫ ነው። በጥርጣሬ እና በእርግጠኝነት መካከል ሰፊ አገር አለ፤ አብዛኛው ዕውቀታችንም የሚኖረው እዚያ ነው። ለነገሩ ይህን ከፈረንጅ መማር አያስፈልገንም። የአንድምታ መምህር አንድ ቃል ይዞ "አንድም እንዲህ ነው፣ አንድም እንዲህ ነው" እያለ ሲፈታ ሰምታችኋል። ሁለተኛውን "አንድም" በማለቱ ባንዳ ያለው አለ? በድሮው ችሎትም ዓይን ምስክርና የስሚ ስሚ ይለይ ነበር። መጠየቅ የኛ ባህል አይደለም የሚለኝ ሰው የኛን ባህል አያውቀውም።

ደግሞ "በአንድ የቆየ መጽሐፍ ይህን ያህል ምን አንጨረጨረህ?" ትሉኝ ይሆናል። የሚያንጨረጭረኝ ልማዱ ነው። በዘርዓ ያዕቆብ የለመደች ጣት እዚያ አትቆምም። ነገ ደግሞ የማን እንደሆነ የማይታወቅ የሬሳ ፎቶ "እነ እገሌ የገደሉት" ተብሎ ይመጣል፤ ያቺው ጣት፣ በዚያው እርግጠኝነት፣ ታስተላልፈዋለች። በእንዲህ ያለ "እርግጥ ነው" ሰው እንደተገደለ፣ ቤት እንደተቃጠለ አይታችኋል፤ እኔም አይቻለሁ።

በመጨረሻም የራሴን ልናገር፤ ሌላውን ወቅሼ ራሴን ብደብቅ አይሆንም።

ከብዙ ዓመት በፊት ክፍል ውስጥ ዘርዓ ያዕቆብን አስተምር ነበር፤ በኩራት፣ በእርግጠኝነት። ከኋላ የምትቀመጥ ዝምተኛ ተማሪ እጇን አወጣች። "መምህር፣ ከሚሲዮናዊው በፊት ይህን መጽሐፍ ያየ ሰው አለ?" አለችኝ። ከዚያ ወዲህ ስንት አነበብኩ፤ ከዚህ የተሻለ ጥያቄ ግን አላጋጠመኝም። መልሱን አላውቀውም ነበር። "አላውቅም" ማለት አቃተኝና "ፈረንጅ ያጎረሰሽን ነው የምታመጪብኝ?" አልኳት። ክፍሉ ሳቀ። ልጅቷ እስከ ተርሙ መጨረሻ ድረስ እጇን አላወጣችም።

ባለፈው ሳምንት "ተላላኪ" ስባል መጀመሪያ ተናደድኩ፤ ቀጥሎ ድምፁን አወቅኩት። የራሴ ድምፅ ነበር። ምናልባት ከተሳዳቢዎቹ አንዳንዱ ያኔ ክፍል ውስጥ ከሳቁት መካከል ይሆናል፤ አስተምሬው ይሆናል።

ይህን የምታነቢ ከሆነ፣ ስምሽን የማልጠራው ከኋላ ትቀመጪ የነበርሽው፦ ይቅርታ አድርጊልኝ። ጥያቄሽ ትክክል ነበር። እስካሁን ከእሱ የቀደመ ምስክር አላገኘሁም። ያኔ ልልሽ ይገባ የነበረው ይህ ነው፦ "አላውቅም፤ ነይ አብረን እንፈልግ።"

ሌሎቻችሁ፣ ኮሜንቱ ክፍት ነው። ጁስቶ ነው የምትሉም ዘርዓ ያዕቆብ ነው የምትሉም ኑ። ግን ሐሳባችሁን ከመጻፋችሁ በፊት አንድ መስመር ጨምሩልኝ፦ ምን ቢገኝ ሐሳባችሁን ትቀይራላችሁ? ይቺን መመለስ ያቃተው ሰው ከመጻፉ በፊት መጽሐፉን አንድ ጊዜ ያንብብ። አጭር ነው፤ በአንድ ማታ ያልቃል።