አሥር ባልና ሚስት

እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1964 ዓ.ም. የወጣው የአሜሪካ ሕግ በሆቴልና በምግብ ቤት ጥቁሩን ከነጩ መለየትን ከለከለ። የመኖሪያ ቤትን በር ግን ሕግ አያስከፍተውም። በኦማሃ ከተማ አውጉስታና የተባለው የሉተራን ቤተ ክርስቲያን ምእመናን ነጮች ብቻ ነበሩ። ቄሱ ዊልያም ያንግዳል ከእነዚሁ መካከል አሥር ባልና ሚስት፥ አሥር ጥቁር የሉተራን ባልና ሚስቶችን በየቤታቸው ሄደው እንዲጠይቁ አሳሰቡ። የለመኑት ይህንኑ ብቻ ነው። ከሽማግሌዎቹ አንዳንዶቹ ግን ጊዜው ገና ነው፥ ምእመናንም ይሸሹናል በማለት ተቃወሙ። ክፉዎች አይመስሉም፤ የሚያሳዝነውም ይኸው ነው። ከተቃዋሚዎቹ አንዱ ቆይቶ ሐሳቡን ለወጠ፤ ቄሱ ግን ሥራቸውን ለቀቁ። ነገሩ በ1966 ዓ.ም. በወጣ ፊልም ይታያል። በዚያው ፊልም ቄሱን በመረረ ቃል የሚሞግቷቸው ጥቁሩ ጠጉር አስተካካይ ኧርኒ ቼምበርስ፥ በ1970 ዓ.ም. ለኔብራስካ ምክር ቤት ተመረጡ።