ማሰሪያ የሌለው ጫማ
በአርባ ምንጭ ከተማ ከሲቀላ ወደ ሴቻ የሚወጣውን ዳገት ስወጣ ያየኋት ተማሪ ከዓይኔ አልጠፋ ብላለች። ጓደኞቿ እየተሳሳቁ ሲያልፏት፣ እሷ ደብተሯን ደረቷ ላይ አጥብቃ ይዛ ጫማዋን የምታስር መስላ ጎንበስ አለች። ጫማዋ ማሰሪያ አልነበረውም። ትንፋሿን እየሰበሰበች ነበር። ደክሟት ብቻ ሊሆን ይችላል፤ እኔ ግን የሩማቲክ የልብ ሕመምን ሳላስብ ማለፍ አልቻልኩም። መነሻው እኮ በባክቴሪያ የሚመጣ የጉሮሮ ሕመም ነው፤ በጊዜው ካልታከመ ሰውነት በራሱ ላይ ሊዘምትና የልብን ቫልቮች ሊያበላሽ ይችላል። ጉሮሮውን ያመመው ልጅ ግን ብዙ ቤት በማርና በሎሚ ይታለፋል፣ ሲብስም «እንጥሉ ወርዷል» ተብሎ ይቆረጥበታል። ቫልቩ ክፉኛ ከተበላሸ ወዲያ ተስፋው ብዙ ጊዜ ቀዶ ሕክምና ነው፤ ለዚህም ዶክተር በላይ አበጋዝ በጥቁር አንበሳ ሆስፒታል ግቢ ያቋቋሙትን የልብ ሕክምና ማዕከል ከልቤ አከብራለሁ። ነገር ግን ያ አዲስ አበባ ነው፣ ከዚህ ወደ 500 ኪሎ ሜትር ይርቃል። እኔን የሚያንገበግበኝ በየ3 ወይም በየ4 ሳምንቱ ለዓመታት የሚወጋው ቤንዛቲን ፔኒሲሊን ነው፦ አሮጌ፣ ርካሽ፣ ልብን ከባሰ ጉዳት የሚጠብቅ መርፌ። አንዲት የጨንቻ ወይም የቦንኬ ልጅ ለዚህ ስትል በየወሩ ተራራ መውረድ የለባትም፤ መርፌው ራሱ ወደ እሷ ጤና ጣቢያ መውጣት አለበት። ያቺ ተማሪ ቀና ስትል ዓይን ለዓይን ተያየን። ፈገግ ብላ መንገዷን ቀጠለች፤ ሰባት ስምንት እርምጃ ሄዳ እንደገና ጎንበስ አለች።